የፕሮቶኮል ሰው ልጁን ሲድር

በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ሁሉም «አባ ወንበር» ይለዋል። ሥራው ፕሮቶኮል ነው፤ ለድርድር የሚመጡ እንግዶችን ማስቀመጥ። ማን ከበሩ ትይዩ ይቀመጣል? የማን ባንዲራ በቀኝ ይቆማል? ስለ ድንበር ሊነጋገሩ መጥተው በወንበር ተኳርፈው የሄዱ ሰዎችን አይቷል። ስለዚህ በወንበር ቀልድ አያውቅም።

ጣጣው ሥራው ቤቱ ድረስ ተከትሎት መግባቱ ነው። የሴት ልጁ እጮኛ ቤተሰቦች የሠርጉን ቀን ሊቆርጡ በመጡበት እሑድ፣ ሶፋዎቹን ከሳሎን አስወጥቶ ረጅም ጠረጴዛ ዘረጋ። በአንዱ ጎን የወንዱ ቤተሰብ፣ በሌላው የሴቷ፤ በየፊታቸው ብርጭቆ ውሃ።

ሚስቱ ስታየው ጭንቅላቷን ያዘች። «ኧረ አንተ ሰውዬ! ልጅ ልትድር ነው ጦርነት ልታስቆም?»

«ክብር ነው።»

«ተወኝ እስቲ!»

እንግዶቹ ገቡ። የእጮኛው ትልቅ አጎት፣ ፊታቸው በቀላሉ የማይፈታ ጡረተኛ መሐንዲስ፣ ጠረጴዛውን ከዳር እስከ ዳር ቃኙና «የተከሰስነው በምንድን ነው?» አሉ። የሳቀ የለም። አባ ወንበር ጭራሽ ጉሮሮውን ጠርጎ «ሁለቱ ወገኖች…» ብሎ ሲጀምር ልጁ በጠረጴዛው ሥር እግሩን ረገጠችው።

አጎትየው ሠርጉ ክረምቱ አልፎ በበጋ ይሁን አሉ። የአባ ወንበር ሚስት እስከዚያማ አንጠብቅም አለች። እሳቸውም ኮታቸውን ቆለፉ።

«እንግዲህ ሌላ ጊዜ ብንነጋገር ይሻላል።»

የልጅቷ ዓይን እንባ አቀረረ።

አባ ወንበር ይህችን «ሌላ ጊዜ» ጠንቅቆ ያውቃታል፤ ስንቱን ድርድር ቀብራለች። መሥሪያ ቤት እንዲህ ሲሆን መላው አንድ ነው፤ ሰዎቹን ከጠረጴዛው አስነስቶ ኮሪደር ላይ መልቀቅ። አዳራሽ ውስጥ የሚፈረመው፣ ኮሪደር ላይ ቆመው የተስማሙበት ነው።

«ትንሽ ዕረፍት እንውሰድ!» አለ ብድግ ብሎ።

የቤቱ ኮሪደር ሁለት ሰው ጎን ለጎን አያሳልፍም። ሁለቱ ቤተሰቦች እንደ ታክሲ ተሳፋሪ ተጠቀጠቁበት። አጎትየው ግድግዳው ላይ ተለጥፈው ለአባ ወንበር ሚስት ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ።

«እውነቱን ልንገርሽ እቴ፣ ነገሩ ጉልበቴ ነው። በክረምት ብርድ አይታዘዘኝም። በወንድሜ ልጅ ሠርግ ሳልጨፍር ልቅር?»

«ውይ! ታዲያ ይህን መናገር ምን ከበደዎት? እኔ እኮ ሰበብ ፈልገው ነገሩን የሚያጓትቱት መስሎኝ ነው። ለእርስዎ ጉልበትማ እንጠብቃለን!»

«በጋ?»

«በጋ!»

ኮሪደሩ በእልልታ ሊፈርስ ደረሰ። አጎትየው ኮታቸውን አውልቀው ለአባ ወንበር አሸከሙትና ሙሽሪትን በእጇ ጎትተው፣ በዚያች በጠበበች መተላለፊያ፣ ጉልበታቸውን ከወዲሁ ይፈትሹ ጀመር።