በሲ ሠላሳ አንድ የተመዘገበ መቃብር

ሽማግሌው ሃስኬዛይ ሃያ ዓመት ሙሉ አንገቱ ላይ የናስ ቁራጭ አንጠልጥሎ ኖሯል። «ሲ 31» ይላል። ሲ የወገኑ ፊደል ነው፤ ሠላሳ አንድ ደግሞ እሱ ራሱ። ያን ጊዜ የነጮቹ መንግሥት ባሰፈረን ሳን ካርሎስ ውስጥ ሥጋና ዱቄት የሚታደለው ናሱን ላሳየ ብቻ ነበር። ናሱን ጥሎ ከሰፈሩ የወጣ ወንድ እንደ ሸፈተ ይቆጠርና ወታደር ይላክበታል። ሃስኬዛይ አልሸፈተም። እንዲያውም ለወታደሮቹ መንገድ እየመራ፣ የሸፈተውን የጦር መሪያችንን ጀሮኒሞን ፍለጋ እስከ ሜክሲኮ ተራሮች ድረስ ዱካ ሲያነብ ከርሟል። በዚህም ምክንያት እስከ ዛሬ ፊት የሚነሱት ዘመዶች አሉት። ዘመቻው ሲያልቅ ወታደሮቹ ያገለገላቸውንም የወጋቸውንም እኩል ቆጥረው እዚሁ አቧራ ላይ አሰፈሩት። የናስ ቁጥሩ ከቀረ ብዙ ዘመን ሆኖታል፤ እሱ ግን በቆርቆሮ ሣጥን ውስጥ ከትምባሆው ጋር አስቀምጦታል።

ሚስቱ የሞተችው ያ የጉንፋን ወረርሽኝ ቤቱን ሁሉ ባንኳኳበት ዓመት ነው። ስሟን እሱ አይጠራም፤ እኔም አልነግራችሁም። እኛ ዘንድ የሙት ስም መጥራት ሙቱን መቀስቀስ ነው፤ ተጠርቶ የመጣ ደግሞ ባዶ እጁን አይመለስም፣ የሚወደውን ይዞ ይሄዳል። ያን ሰሞን ሬሳ ስለ በዛ ሰው ሁሉ አጥር በተበጀለት መቃብር ውስጥ ጎን ለጎን ይቀበር ነበር። እሷ ግን ትኩሳቱ ሳይጥላት በፊት፣ «እዚያ አጥር ውስጥ እንዳታስገባኝ። በሕይወቴ የታጠርኩት ይበቃኛል። እናቴ በቆሎ ከምትዘራበት ዳር አድርገኝ» ብላው ነበር። እንዳለችው ሂላ ወንዝ ዳር፣ ከሦስቱ ግራሮች ሥር ብቻውን ቆፍሮ ቀበራት። ድንጋይ ከመረባት። ጎጆዋን ከነልብሷ፣ ጀምራ ከተወችው ቅርጫት ጋር አቃጠለ፤ ርቆ ሄዶም ሌላ ጎጆ ቀለሰ። ከዚያ ቀን ወዲህ በግራሮቹ በኩል አልፎ አያውቅም። ፈረሱን ውሃ ሲያጠጣ እንኳ ግማሽ ቀን የሚፈጅ ዙሪያ ጥምጥም ይሄዳል። ረስቷት የሚመስለው ካለ የእኛን ወግ የማያውቅ ነው።

ዐሥር ዓመት እንዲህ አለፈ። ከዚያ ግድቡ መጣ።

ከሸለቆው በታች ወንዙ በግንብ ሊዘጋ፣ ውሃው ተመልሶ አሮጌውን ሳን ካርሎስ ሊውጠው ነው ተባለ፤ ቢሮውን፣ ትምህርት ቤቱን፣ ማሳውን፣ መቃብሩን። ባለሥልጣኖቹ በመጀመሪያ «ሙታኑን ቆፍረን ወደ ደጋ እናዛውራቸው» አሉ። ሽማግሌዎቹ ይህን ሲሰሙ ከስብሰባው ተነሥተው ወጡ፤ አንዷ አሮጊት በዱላዋ ጠረጴዛ መታች። ብዙ ከተጨቃጨቁ በኋላ መቃብሩ ላይ ሲሚንቶ እንዲፈስበት ተስማሙ፤ ሙታኑ ሳይነኩ፣ ውሃው ሳይበትናቸው፣ ከሥሩ ተኝተው እንዲቀሩ። አጥር ውስጥ ላሉት ነገሩ አለቀ። ከአጥር ውጭ የተቀበረ ያለው ግን ቀርቦ የሟቹን ስም፣ የሞተበትን ዓመትና ቦታውን ማስመዝገብ አለበት። ስም የሌለው መቃብር ሲሚንቶ አያገኝም።

የሃስኬዛይ ልጅ ኤድና ትምህርት ቤቱ ወጥ ቤት ውስጥ ትሠራለች፤ የነጮቹን ቋንቋም ታስተረጉማለች። መዝገቡ ሊዘጋ አንድ ቀን ሲቀረው ከሥራ ሮጣ መጣች።

«አባባ፣ ነገ ያበቃል እኮ!»

«ያብቃ።»

«ያብቃ ትላለህ? ውሃው በሞላና በጎደለ ቁጥር ድንጋዩን አንከባልሎ ይወስደዋል። ከዚያ አጥንቷን ውሻ ሲጎትተው ልናይ ነው?»

ሽማግሌው ትምባሆውን መጠቅለል አቆመ። እሱም ሌት ተቀን የሚያስበው ይህንኑ ነበር።

«ስሟን ብቻ ንገረኝ» አለች ኤድና። «እኔ እጽፈዋለሁ። በአፌ አልጠራውም።»

«አንቺ አታውቂውም?»

«ከየት አውቄ? 'እማ' እያልኩ ነው ያደግኩት። በስምንት ዓመቴ ትምህርት ቤት ብለው ወሰዱኝ፤ ከዐሥር ዓመት በኋላ ስመለስ ጎጆው አመድ ነው። ስሟን የጠየቅኩት ሰው ሁሉ እጁን አፌ ላይ ከደነ።»

«ታዲያ ለአንቺ ለመንገር እኮ መጀመሪያ እኔ ልጠራት ነው» አላት።

በዚህ መሐል ብስኩት ገባ። ብስኩት የሃስኬዛይ የአክስት ልጅ ነው፤ ስሙን ያወጡለት ወታደሮቹ ናቸው፣ በወጣትነቱ ከስንቃቸው ምን ይሰርቅ እንደ ነበር ከስሙ ይታወቃል። የአክስትና የአጎት ልጆች መቀላለድ ወጋችን ስለሆነ፣ ሁለቱ ሽማግሌዎች ሳይሰዳደቡ የዋሉበት ቀን የለም።

«ምንድን ነው እንዲህ የሚያስተክዛችሁ? ይኼ ቅማላም ፈረስህ ሞተ እንዴ?»

ነገሩን ነገሩት። ብስኩት አገጩን አሻሸ።

«አይ አንተ ደደብ ሽማግሌ። እነዚህ ሰዎች ስም ወደው ያውቃሉ? ዕድሜህን ሙሉ ማን ብለው ጠሩህ?»

«ሲ ሠላሳ አንድ።»

«እሷስ ሥጋ የምትቀበለው በማን ቁጥር ነበር?»

«በእኔው ነዋ።»

«በቃ! ቁጥሩን ስጣቸው። በቁጥር ተጠርቶ የመጣ ሙት አይተህ ታውቃለህ?»

ሃስኬዛይ ትንሽ አሰበና ሣቀ። ኤድና አባቷ ሲሥቅ ካየች ወራት አልፈዋት ነበር። ቆርቆሮ ሣጥኑን ከፈተ፤ ትምባሆውን አራግፎ ናሱን አወጣው።

በማግሥቱ ጸሐፊው ጠረጴዛውን ከትልቁ ዛፍ ጥላ ሥር ዘርግቶ ተቀምጧል። ወጣት ነው፤ ሙቀቱ ፊቱን አቅልቶታል፤ የቀሩትን ሰዎች ጨርሶ ለመሄድ ቸኩሏል።

«ስም?»

«ሲ 31» አለች ኤድና።

«ስም ነው ያልኩት።»

«የሞተ ሰው ስም አይጠራም። በድሮው መዝገባችሁ ላይ በዚህ ቁጥር አለች።»

ጸሐፊው አሮጌውን መዝገብ ገለጠ፤ በጣቱ ወረደ፤ አገኘው። «ሲ 31። ሃስኬዛይ። ጥሩ። መቼ ነው የሞተው?»

ኤድና ዓመቱንና ቦታውን ነግራው ወደ አባቷ ዞረች። «አባባ፣ የአንተን ስም ነው የጻፈው። የሞትከው አንተ ነህ ብሎ ነው።»

«ቦታውንስ ጽፎታል?»

«ከሦስቱ ግራሮች ሥር ብዬው ጽፏል።»

«እንግዲያው ተይው። ሲሚንቶ ማን እንደተኛ አይጠይቅም።»

«ምንድን ነው የሚለው ሽማግሌው?» አለ ጸሐፊው።

«እያመሰገነህ ነው» አለችው። ያኔ ማረም እንደ ነበረባት በኋላ ስንት ጊዜ ራሷን ወቅሳለች። ግን አርማ ምን ልትል ነበር? ስም አምጪ ሊላት ነው።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ብስኩት አዲስ ጨዋታ አመጣ። የሃስኬዛይን ስም መጥራት እርም አለ። መንገድ ላይ ሲያየው በክንዱ ፊቱን ሸፍኖ፣ «ኧረ ውሰዱልኝ! ይኼ የማልጠራው ሰውዬ ደግሞ መጣ!» ይላል። ሃስኬዛይም፣ «ቆይ፣ ትምባሆህን ሳልወስድ አልሄድም» ይለዋል። ሰው ይሥቅ ነበር። ሽማግሌው በዚያ ሰሞን እንቅልፍ ወሰደው፤ የበቆሎ ጠላ ሲጠመቅም ሄዶ ሁለት ኩባያ ጠጣ።

መኸር ላይ የሲሚንቶ ማቡኪያው ማሽን ደረሰ። አካፋ የያዙት ሠራተኞች ሁሉ የእኛው ልጆች ናቸው፤ ሥራ የለም፣ ሌላ ምን ያድርጉ። አጥር ውስጥ ያለውን መቃብር በአምስት ቀን ሸፈኑት። በስድስተኛው ቀን ጧት ሃስኬዛይ ኮረብታው ላይ ወጥቶ ቁልቁል ተመለከተ። ማሽኑ ሊጫን እየተሰናዳ ነው፤ ወደ ግራሮቹ የሄደ ሰው የለም። ኤድናን ከወጥ ቤት ጠርቶ፣ ብስኩትን አስከትሎ ወረደ።

የሠራተኞቹ አለቃ፣ ፎርማኑ፣ ዝርዝሩን አወጣ። ሲ 31 በቀይ ተሰርዟል።

«ይህ ሰው አልሞተም» አለ ፎርማኑ። «ባለፈው ወር ለሽማግሌዎች የሚታደለውን ሥጋ በጣቱ ፈርሞ ወስዷል። በሕይወት ላለ ሰው መቃብር አልሠራም።»

ኤድና ቁጥሩ የእናቷም እንደ ነበር፣ ስሟ ለምን እንደማይጠራ፣ ሁሉንም ነገረችው። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ላብ ያጠመቀው፣ የታዘዘውን የሚሠራ ሰው ነው። ቆቡን አውልቆ ግንባሩን ጠረገ።

«እሺ፣ ገባኝ። አንድ ማሽን ሙሉ ሲሚንቶ ቀርቶኛል፣ ተቦክቷልም። ስሟን ይንገረኝና አፈስላታለሁ። ያለ ስም ግን አለቆቼ ይጠይቁኛል።»

ሃስኬዛይ ይህን ሲሰማ መሬት መሬት አየ። ከዚያ፣ «እኔ ሞቻለሁ በይው» አላት። «ከዛሬ ጀምሮ ሥጋቸውን አልቀበልም። መዝገባቸው እውነት ይሁንላቸው።»

ኤድና እንባዋ እየቀደማት አስተረጎመች። ፎርማኑ አልሣቀም፤ ሰዓቱን አየ። «ሲሚንቶው እየደረቀ ነው» አለ ብቻ።

ሽማግሌው ከወገቡ ከረጢት ለጸሎት የምንበትነውን ቢጫ የፊላ አበባ ብናኝ ቆንጥሮ ወደ ግራሮቹ በተነ። ይቅር እንድትለው ነው። ከዚያ ስሟን ጠራ።

ድምፁ ዝቅ ያለ ነበር፤ ማሽኑ ያጓራል። «ምን አለ?» አለ ፎርማኑ፣ እጁን ጆሮው ላይ አድርጎ። ሃስኬዛይ ደገመው። ፎርማኑ አሁንም አልሰማም፤ «አጥፉት እስቲ ይህን ነገር!» ብሎ ጮኸ። ማሽኑ ጠፋ። በዚያ ጸጥታ ውስጥ ሽማግሌው ለሦስተኛ ጊዜ ጠራት፣ ሰው ሁሉ ሰማ። ፎርማኑ እርሳሱን ይዞ ወደ ኤድና ዞረ። «አንቺ ድገሚልኝ፤ እንዴት ነው የሚጻፈው?» ኤድና ሁለት እጇን አፏ ላይ አድርጋ ራሷን ነቀነቀች። የእናቷን ስም በሃያ ስምንት ዓመቷ ገና መስማቷ ነው። ሃስኬዛይ ልጁን አየና ለአራተኛ ጊዜ ራሱ ጠራው፣ ቀስ ብሎ፣ እየከፋፈለ። ፎርማኑ ጻፈ።

ሦስት ጊዜ ቢሆን ምናልባት ሰው እንዳልሰማ ሆኖ ያልፈው ነበር። እኛ ዘንድ ግን ጸሎቱም ዘፈኑም አራት ነው፤ አራት ጊዜ የተጠራ ሳይመጣ አይቀርም።

መጀመሪያ አካፋውን የጣለው የብስኩት የልጅ ልጅ ነው። ቀስ አድርጎ፣ ድምፅ እንዳያሰማ መሬት ላይ አኖረውና ሄደ። ከዚያ ሌላው። ከዚያ ሁሉም። የሮጠ የለም፣ የተናገረም የለም፤ ፊታቸውን ወደ ኮረብታው አድርገው እየተከታተሉ ሄዱ። ፎርማኑ፣ «ወዴት ነው? ኧረ ተመለሱ! ስሙን እኮ አገኘን!» እያለ ዝርዝሩን ያውለበልባል። ሃስኬዛይ ወደ ብስኩት ዞረ። ስድሳ ዓመት አንድ ቀን ሳይሰድበው ያልዋለው ብስኩት ዐይኑን ሰብሮ እሱም ሄደ።

ሽማግሌው አልተቆጣቸውም። በቦታቸው ቢሆን እሱም ይሄድ ነበር። አንድ አካፋ አንሥቶ ማሽኑ አፍ ውስጥ ከተተ፤ ጥቂት ዛቀ፤ ስድሳ ስድስት ዓመቱ ነው፣ ግራሮቹም ሩቅ ናቸው። ፎርማኑ መጥቶ አካፋውን በቀስታ ከእጁ ወሰደው። ሲሚንቶው እዚያው ማሽኑ ውስጥ ደረቀ። ከሰዓት በኋላ ከነማሽኑ ተጭኖ ሄደ።

የብርዱን ወራት ሙሉ ውሃው ቀስ እያለ ተመለሰ። ሰዉ ሁሉ ወደ ላይኛው ሰፈር ወጣ፤ ስሟን ከጠራበት ቀን ወዲህም ሃስኬዛይ አጠገብ ጎጆ የሚቀልስ ጠፍቶ ነበር። ብስኩት እንኳ ከሩቅ ሲያየው መንገድ ይለውጣል፣ አሁን በክንዱ ፊቱን ሳይሸፍን። የካቲት ላይ ኤድና ጋሪ ተውሳ መጣች። ከታች ከሦስቱ ግራሮች የሁለቱ ጫፍ ብቻ ይታያል። ሽማግሌው ደጁ ላይ ተቀምጧል።

«አባባ፣ በል ተነሥ። ውሃው ነገ ከነገ ወዲያ እዚህ ነው።»

«አንቺ ሂጂ።»

«ብቻህን ምን ትሠራለህ?»

«አራት ጊዜ ጠርቻት» አላት። «መጥታ ብታጣኝ ምን ትላለች?»

ኤድና መልስ ፈለገች። አፏ ላይ የመጣው ቃል አንድ ብቻ ነበር፣ ያ ስም፤ እሱን ደግሞ ማለት አይቻልም። ፈረሱን ከጋሪው ፈታችና አጠገቡ ተቀመጠች።