የእትዬ በለጥሻቸው አርብ

እትዬ በለጥሻቸው ባሕር ማዶ ዋይንድሃም ቬል የመጡት የልጅ ልጅ ሊያሳድጉ ነው። ልጃቸው እየሩ ጌታን ከተቀበለች ቆይታለች። ገና በመጡ ሳምንት «በኔ ቤት የማርያም ስም ጮክ ተብሎ አይጠራም፤ ልጅቷ ትሰማለች» አለቻቸው። ልጅ እናቷን እንዲህ ትላለች? ትላለች እንጂ፤ ቤቱም የሷ፣ ቪዛውንም ያወጣችው እሷ።

እትዬ በለጥሻቸው የእመቤታችንን ምስጋና ከልጅነታቸው ጀምሮ የሚያደርሱት በዜማ ነበር። ከዚያን ቀን ወዲህ ብርድ ልብስ ውስጥ ገብተው በሹክሹክታ ሆነ። ውሎ አድሮ የገዛ ድምፃቸው ናፈቃቸው።

አርብ ጠዋት፣ ልጅቷ ትምህርት ቤት፣ እየሩም ዲር ፓርክ መጋዘን ሥራዋ ላይ ሳሉ፣ ከህንዷ ጎረቤታቸው ከሳሮጃ ቤት የሴቶች ዜማ ይሰማል። የሴት አምላካቸውን ሺህ ስም እየጠሩ፣ ለእያንዳንዱ ስም አንዲት የአበባ ቅጠል ሥዕሏ ሥር ይጥላሉ። አንድ አርብ ሳሮጃ አጥሩ ሥር ቆመው ሲያዳምጡ አየቻቸውና በእጇ ጠራቻቸው። ገቡ። አበባ አልጣሉ፣ ግንባራቸውን ቀይ አልተቀቡ፤ ያቀረቡላቸውንም ጣፋጭ ጾም ነው ብለው በእጃቸው መለሱ። በሩ ሥር ተቀምጠው፣ በሴቶቹ ዜማ መሃል የራሳቸውን ምስጋና በሙሉ ድምፃቸው አደረሱ። ዝም በይ ያላቸው የለም። ከዚያ ወዲህ አርብ እስኪደርስ ይቸኩሉ ጀመር።

አንድ አርብ እየሩ ሺፍቷ ተሰርዞ ቀድማ ስትመለስ እናቷን እዚያ አገኘቻቸው፤ ጣዖት ፊት። የማንን ስም ይጠሩ እንደነበር ቢያስረዱ ማን ይስማቸው። እሑድ ሴንት አልባንስ ሰፈር የእምነቷ ሰዎች ወደሚሰበሰቡበት አዳራሽ ወሰደቻቸው። ፓስተሩ ጭንቅላታቸውን ይዞ «ስምህን ተናገር!» ይል ጀመር። የሚያናግረው ርኩስ መንፈሱን ነው እንግዲህ፤ እሳቸውንማ ማን አናገራቸው።

«በለጥሻቸው እባላለሁ» አሉት። «የዚህች ልጅ እናት ነኝ።»

እየሩ ፊቷን አዞረች። ሕዝቡ ጸሎቱን አበረታ።

ከዚያ በኋላ እየሩ አርብ ሥራ መግባት ተወች። በሚቀጥለው አርብ ሳሮጃ መጥታ በሩን አንኳኳች። እትዬ በለጥሻቸው ማድ ቤት ሽንኩርት እየላጡ ነበር። እየሩ በሩን ገርበብ አድርጋ በእንግሊዝኛ መለሰችላት። እንግሊዝኛ ባያውቁም «ማዘር» እና «ኖ» ማለት ምን እንደሆነ ያውቃሉ፤ የለችም ማለቷ ነው። ብድግ ብለው «አለሁ!» ሊሉ አፋቸውን ከፈቱ። የወጣው ግን ያው የብርድ ልብስ ውስጥ ሹክሹክታ ነበር።