ኪፕ የትኛው ነው?

«ጠፍቶ የተገኘ ዕንቁ» ይላል ከፖርትላንድ የመጣው የሙዚቃ ሸክላ ማስታወቂያ። ሌላንድ ሩዲግ ይህን ሲያነብ ቆሽቱ አረረ። ማን ነው የጠፋው? እሱ እንደሆነ ከሺቦይገን ሌላ ከተማ ኖሮ አያውቅም። በተወለደበት ሰፈር የሰው ምድር ቤት እየገባ የቤት ማሞቂያ ሲጠግን ፀጉሩ ሸብቷል፣ ስልክ ቁጥሩም በከተማው ማውጫ ላይ ከነሙሉ ስሙ ተጽፏል። የፈለገው ሰው ደውሎ ሊያገኘው ይችል ነበር። ማንም አልደወለም እንጂ እሱ አልጠፋም።

ይህን ቁጣውን ከተማው በሙሉ ያውቀዋል። በጥር ብርድ ማሞቂያቸው የጠፋባቸው ባልቴቶች እንኳ «ሌላንድን ጥሩት፣ ስለ ሙዚቃ ግን እንዳታነሱበት» ይባባላሉ። እውነታቸውን ነው። የድሮ ባንዱ ወሬ ከተነሳ ሌላንድ መፍቻውን መሬት አስቀምጦ ነው የሚናገረው፣ ተናግሮ እስኪወጣለት ድረስም ባለቤቶቹ ካፖርታቸውን ደርበው ይጠብቃሉ።

ባንዱ ታርዲ ቤልስ ይባል ነበር። ትምህርት ቤት ለሚያረፍዱ ልጆች የሚደወለው ደወል ማለት ነው። ስሙን ያወጣው የሌላንድ ታላቅ ወንድም ኪፕ ነው፤ አንድም ቀን በሰዓቱ ክፍል ገብቶ አያውቅማ። አራት ነበሩ። ኪፕ ጊታር እየመታ ይዘፍናል፣ ሌላንድ ቤዝ ጊታር ይጫወታል፣ ከበሮው ላይ ጃርቪስ የሚባል የሥጋ ሻጭ ልጅ አለ፣ ግጥምና ዜማውን የሚደርሰው ደግሞ ከኪፕ ጋር እየተቀባበለ የሚዘፍነው ከርት ኤንገልማን ነው። የሚጫወቱት ፓወር ፖፕ የሚባለውን ነበር፤ አጭር፣ ጯሂ፣ ጣፋጭ፣ ሰው ገና እግሩን መምታት ሲጀምር የሚያልቅ ዘፈን። የሚልዋኪ ሬዲዮ ጣቢያ ሰዎች ሰምተው «ለዳንስም አይሆን፣ ለጠብም አይሆን» ብለው መለሷቸው። ሌላንድ ያን ቀን የተናገረውን እዚህ አልጽፈውም።

ኪፕ ግዙፍ ሰው ነበር። ጠዋት ጠዋት የወተት መኪና ይነዳል። ድምፁ ከሆዱ ነው የሚወጣው፣ ወፍራምና ጎርናና፤ ገና ልጅ እያለ ስልክ ሲያነሳ ሰዎች አባቱ እየመሰሏቸው «ሚስተር ሩዲግ» ይሉት ነበር። ለእንደዚያ ዓይነት ዘፈን የሚሆን ድምፅ አልነበረውም። ለዚህ መላ ያገኘው ግን ራሱ ነው። ከርት ከአንድ የተዘጋ ስቱዲዮ ያመጣው የቴፕ መቅረጫ ፍጥነት የሚቀንስና የሚጨምር ማዞሪያ ነበረው። ኪፕ ሲቀዱ ፍጥነቱን ትንሽ ቀነሰው፣ እነሱም ረጋ ብለው ተጫወቱ። ከዚያ የተቀዳውን በደንበኛው ፍጥነት ሲያጫውተው ሁሉም ነገር ፈጠነ፣ ቀጠነ፣ ጊታሩ አበራ። የኪፕም ድምፅ ጢሙ ያላቀመቀመ ጎረምሳ ድምፅ ሆኖ ወጣ። አራቱም እርስ በርስ ተያይተው በሳቅ ፈረሱ።

ከዚያ በኋላ ሁሉንም ዘፈን እንደዚያው ቀዱት፣ ለማንም ላይናገሩም ተማማሉ። መጠጥ ቤት ሲጫወቱ በራሳቸው ድምፅ፣ ወረድ አድርገው ነው፤ ቢራ የያዘ ሰው ልዩነቱ አይገባውም። በቴፕ ያጭበረብራሉ መባልን ግን እንደ ሞት ፈሩት። በዚያ ዘመን እንደነሱ ላለ ባንድ ከዚያ የባሰ ስድብ አልነበረም። ስለዚህ ለሚስት ለፍቅረኛ ቀርቶ ለእናታቸውም አልነገሩም።

የሌላንድና የኪፕ እናት አርሊስ ትባላለች። ባሏ ሲሞትባት በወንበር ፋብሪካ እየሠራች ሁለት ወንዶች ያሳደገች፣ በነገር የማትሸነፍ ሴት ናት። ትልልቆቹ ኩባንያዎች ባንዱን ዞር ብለው ስላላዩት ልጆቹ ሸክላቸውን በራሳቸው አሳተሙ፤ ከማተሚያው ራቁቱን መጣ። ሽፋኑን እሷ ወጥ ቤቷ ጠረጴዛ ላይ ከልጆቿ ጋር ስታጣብቅ ሰነበተች። ሙጫው ጣቷ ላይ ደርቆ ከጎረቤቶቿ ጋር ካርታ ስትጫወት እጇ ላይ ያለው ካርታ አልላቀቅ ይላት ነበር። ሥራው ሲያልቅ ኪፕ አንዱን ሸክላ አንስቶ አጫወተላት። እጆቿን ጭኗ ላይ አጣጥፋ፣ ሳትነቃነቅ፣ ሁለቱንም ገጽ ሰማች።

«ያምራል» አለች። «ኪፕ የትኛው ነው?»

ኪፕ እንባው እስኪመጣ ሳቀ። ሌላንድ ግን ደሙ ፈላ። ምስጢሩን እያወቀ ነው የተናደደው፤ እናት ልጇን በወፈረም በቀጠነም ድምፅ ማወቅ አለባት ባይ ነው። «የገዛ ልጅሽን አታውቂውም?» አላትና በሩን በላይዋ ወርውሮ ወጣ። ያቺን ጥያቄ ይቅር አላለም። ብዙ ነገር ይቅር የማይል ሰው ነው፣ ይቺን ግን ከሁሉም አስቀድሞ ነው የያዘው።

ቀጥሎ የያዘው ከርትን ነው። ሸክላው ከእጅ ወደ እጅ እየዞረ ሎስ አንጀለስ ደርሶ ኖሮ፣ ከአንድ ትልቅ ኩባንያ አንድ ሰውዬ ሊያያቸው ሚልዋኪ ድረስ መጣ። ዘፈኑን ወዶታል። ወፍራሙን ግን ቀይሩት አለ፤ ለፎቶ አይመችም። ኪፕ እዚያው አጠገቡ ቆሞ ሽቦ እየጠቀለለ ነበር። ጃርቪስ አቀረቀረ። ሌላንድ በእጁ የነበረውን ቢራ ሰውዬው ጫማ ላይ አፈሰሰው። ከርት ግን «እናስብበት» አለ። ሰውዬው እየተሳደበ ሄደ፣ ነገሩም በዚያው ውሃ በላው። የባንዱን ቀሪ ዘመን በአሮጌ መኪና ከከተማ ከተማ እየዞሩ፣ ራሳቸው ያሳተሙትን ራሳቸው ከመኪናው ጀርባ እየሸጡ ገፉት። ኪፕ በነገሩ ይቀልድ ነበር። ሌላንድ ግን ያቺን «እናስብበት» እስከ ዛሬ ያኝካታል።

ሁለተኛውን ሸክላ ባወጡበት ዓመት፣ በበረዶው ወራት፣ የኪፕ የወተት መኪና ከከተማው አጠገብ ባለው ሐይቅ ዳር መንገድ ላይ ተንሸራቶ ከዛፍ ጋር ተጋጨ። ባንዱም አብሮት ተቀበረ። ጃርቪስ ወደ አባቱ ሥጋ ቤት ተመለሰ። ከርት ካሊፎርኒያ ገብቶ ለውሻ ምግብ ማስታወቂያ ዜማ እየደረሰ ኑሮው አማረ። ሌላንድ ማሞቂያ መጠገን ተማረ። የኪፕ ድምፅ ከሁለቱ ሸክላዎች በቀር የትም አልቀረም፤ በዚያን ጊዜ ተራ ሰው ሲያወራ ማን ይቀዳዋል?

አርሊስ ሸክላዎቹን ከሳህኖቿ ኋላ ቁም ሣጥን ውስጥ አስቀመጠቻቸው። ሌላንድ በየዓርቡ መጥቶ ዓሣ ሊያስበላት ይወስዳታል፣ አንድም ቀን ግን ሲጫወቱ ሰምቶ አያውቅም። ልበ ድንጋይ ናት ብሎ ደመደመ። ልጇን በሕይወት እያለም አላወቀችው፣ ሞቶም አልናፈቃት።

እንግዲህ በስተርጅና ነው እነዚህ የፖርትላንድ ጎረምሶች የተነሱት። አንድ ትንሽ የሸክላ አሳታሚ ድርጅት የመጀመሪያውን ሸክላ እንደገና ላውጣው አለ። ሌላንድ ሁለት ሳምንት ሙሉ ሰደባቸውና እሺ አለ። ዋናው ቴፕ ከከርት ጋር ስለነበር በቀጥታ ከካሊፎርኒያ ተላከላቸው። ከዚያም አንድ ዓርብ ቀን ለናሙና የታተመው ሸክላ በፖስታ ደረሰ። ሌላንድ ከሥራ መልስ ቆሻሻ እጁን እንኳ ሳይታጠብ መርፌውን አሳረፈበት።

ዘፈኑ ይጎተታል። ጊታሩ ከብዷል። ኪፕ፣ ያ ብርሃን የመሰለ ድምፅ፣ በደከመ ወፍራም ድምፅ እየተጎተተ ይዘፍናል። የፖርትላንዱ የድምፅ ባለሙያ ነገሩ ገብቶታል። ወይም የገባው መስሎታል፤ የቴፑ ቅኝት ከደንቡ ከፍ ብሎ ቢያገኘው መቅረጫው የተበላሸ ነበር ብሎ «አስተካክሎታል»።

ሌላንድ ለከርት ደወለ። ሰላምታ አላስቀደመም።

«ሰምተኸዋል?»

«ሰምቼዋለሁ። ደስ አይልም?»

«ፍጥነቱን አውርደውት እኮ ነው! አንተ እዚያ ተቀምጠህ ምን ታደርጋለህ? ወንድሜን በሬ አስመሰሉት።»

ከርት ረጋ ብሎ «እኔም መጀመሪያ ደንግጬ ነበር» አለው። «ግን ስማ ሌላንድ፣ እኛ እኮ እንደዚህ ነበርን። እውነተኛው ይሄኛው ነው።»

«ኪፕን ቀይሩት ሲባል እናስብበት ያልክ ሰው ስለ እውነት አትንገረኝ።»

ከርት ሸክላው ሰኞ ማተሚያ ቤት እንደሚገባ፣ እሱና ጃርቪስ እንደተስማሙ፣ የኪፕ ድርሻ ግን የእናትየው ስለሆነ እሷ እንቢ ካለች እንደሚቆም ብቻ ነገረው። ሌላንድ ስልኩን ጆሮው ላይ ዘጋበት። ሸክላውን ይዞ መኪናው ውስጥ ሲገባ አንድ ሐሳብ ብቻ ነበረው፤ አርሊስ እንቢ ትላለች፣ ኪፕም ከነብርሃኑ ይኖራል። በሕይወቷ አንድ ጊዜ እንኳ ለልጇ ትቁምለት።

አርሊስ ካፖርቷን ለብሳ፣ ቦርሳዋን ጭኗ ላይ አድርጋ ትጠብቀው ነበር። ዓርብ አይደል፣ ዓሣው አለ። አርጅታለች፣ አፏ ግን አላረጀም። የት ዋልክ፣ እጅህ ደግሞ ምን ሆኖ ነው እንዲህ የጠቆረው አለችው።

«እማ፣ አንድ ነገር ስሚልኝ። ከዚያ ለከርት ደውለሽ እንቢ ትይልኛለሽ።»

«ዓሣው ያልቃል።»

«አያልቅም። ወንድሜን ምን እንዳደረጉት ስሚ።»

ሸክላውን አስቀመጠና ፊቷን እያየ ቆመ። ጊታሩ ገባ፣ ከበሮው ተከተለ፣ ከዚያ ያ ወፍራም ድምፅ ከሆድ ወጣ። ሌላንድ ፊቷ እስኪጠቁር ጠበቀ። ቦርሳዋ ከጭኗ ላይ ወደቀ፣ አላነሳችውም።

«ኪፕ ነው» አለች። «ኪፕ ነው እኮ።»

ዘፈኑ አለቀና ሌላው ቀጠለ፤ እሷ በከንፈሯ ቃሉን ተከተለችው። አንዱንም አልሳተችም። ያኔ ነው ግጥሙን በቃሏ እንደምታውቀው ለሌላንድ የገባው።

«የት ነበር?» አለችው ዘወር ብላ። «እስከ ዛሬ የት አድርጋችሁት ነው?»

ነገራት። ስለ ማዞሪያው፣ ስለ ቴፑ፣ ስለ መሐላው፤ አራት ጎረምሶች እንዴት እንደሳቁ ጭምር። ሲናገረው ነገሩ ቀላል የልጅ ጨዋታ መሆኑ ለራሱም ተሰማው። አርሊስ ሳታቋርጠው ሰማች። ከዚያ ፊቷ ቀላ።

«አንድ ማዞሪያ አዙራችሁ ልጄን ደበቃችሁብኝ?»

«እኔ አይደለሁም ያዞርኩት። ኪፕ ነው።»

«እሱማ ቢኖር አንድ ቀን እየሳቀ ይነግረኝ ነበር። ከሞተ በኋላ ያልነገርከኝ አንተ ነህ።» ወደ ቁም ሣጥኑ ጠቆመች። «ያንን ሸክላ ብቻዬን ስሆን አውጥቼ ስንቴ እንደሰማሁት ታውቃለህ? የቱ ጋ እንዳለ ስፈልገው። ከርት ይሆን፣ ይሄኛው ይሆን ስል። የገዛ ልጄን ድምፅ የረሳሁ እናት ነኝ ብዬ ራሴን ስረግም ኖርኩ። አንተም በየዓርቡ እየመጣህ በዓይንህ እንደዚያው ትለኝ ነበር።»

ሌላንድ ቁጣውን ፈለገው። ለከርት፣ ለፖርትላንዱ ልጅ፣ ለሎስ አንጀለሱ ሰውዬ እንደልቡ የሚመዘው ቁጣ ነበረው፤ አሁን ግን የሚያሳርፍበት ሰው ከራሱ በቀር እቤቱ ውስጥ አልነበረም። ሌላ ነገር ሲጠፋው ወደ ስልኩ ሄደና ከርት ጋ ደወለ።

«እንዳለ ይውጣ» አለው። «አንድ ነገር እንዳትነኩበት።»

«እኔ እኮ መጀመሪያውኑ...»

«ዝም በል፣ ከርት» አለና ዘጋው።

ሲመለስ አርሊስ ካፖርቷን አውልቃለች። ዓሣው እንዳያልቅ እንሂድ አላት፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። ብቻህን ሂድ አለችው። አልሄደም፤ ካፖርቷን ከወንበሩ አንስቶ መስቀያው ላይ ሰቀለው። እሷም ወንበሯን እየጎተተች ወደ ድምፅ ማጉያው አስጠጋች።

«ከመጀመሪያው አስቀምጥልኝ» አለችው።

መርፌውን መልሶ አስቀመጠላት። አርሊስ ጀርባዋን ሰጥታው ተቀመጠች።