አንድን ተጭነው ይንገሩን

እንጅባራ ከተማ ውስጥ አዊኛ አስተምራለሁ። ከተማሪዎቼ በቀር ድምፄን የሚፈልገው ሰው ይኖራል ብዬ አስቤ አላውቅም ነበር፤ አብሮ አደጌ አንድ ከሰዓት በኋላ ትምህርት ቤት ድረስ መጥቶ እስኪለምነኝ ድረስ።

የአንድ መንደር ልጆች ነን። ከፍ ስንል ግምጃ ቤት ከተማ ወጥተን አንድ ግቢ ውስጥ ጎን ለጎን ተከራይተን ተምረናል። እናቱ በልጅነቱ ስለሞተችበት፣ የእኔ እናት በገበያ ቀን ስንቅ ይዛ ስትመጣ ለሁለታችን ነበር የምታመጣው። ድንቹንም ዳቦውንም በሶውንም ዘርግታ እኩል ትከፍለዋለች። የእሱ የበዛ መስሎኝ ሳኮርፍ፣ "አንቺ እናት አለሽ" ትለኝ ነበር። እሱን "ልጄ" እንጂ በስሙ ጠርታው አታውቅም።

እሱ ጤና ተማረ፤ እኔ መምህርት ሆንኩ። በዚያ ቀን ሲመጣ፣ ትልልቅ ሰዎችን በስልክ የሚረዳ የአንድ ፕሮጀክት አስተባባሪ ሆኖ ነበር። ግፊትና ስኳር ላለባቸው አዛውንቶች ባለ ቁልፍ ስልክ ይሰጣቸዋል። በሳምንት ሦስት ቀን፣ ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ ስልኩ ይጠራል። ሲያነሡት የተቀረጸ ድምፅ መድኃኒታቸውን እንዲወስዱ፣ ጨው እንዲቀንሱ፣ ቀጠሯቸውን እንዳይረሱ ይነግራቸዋል።

"በአማርኛ ቀርጸነው ነበር" አለኝ። "የገጠሮቹ ግን ገና 'እንደምን አደሩ' ሲል ይዘጉታል። የቢሮ ሰው ይመስላቸዋል። እንደ ልጃቸው የሚያናግራቸው ድምፅ ነው የምፈልገው።"

ደስ አለኝ። አዊኛ ከቤትና ከክፍል ወጥቶ ለእንዲህ ያለ ነገር ሲፈለግ ማየት ለእኔ ትንሽ ነገር አልነበረም። አንድ ባዶ ቢሮ ውስጥ መስኮቱን በብርድ ልብስ ጋርደን ሁለት ቀን ቀረጽን። ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድበው እናቆማለን፤ ሲያባራ እንቀጥላለን። ጽሑፉን ከአማርኛ የመለስኩት ራሴ ነኝ። የመጨረሻው ዓረፍተ ነገር እንዲህ ይላል፦ "የሚያምዎት ነገር ካለ አንድን ተጭነው ይንገሩን። እንሰማዎታለን።"

"ማን ነው የሚሰማው?" አልኩት።

"ነርስ አለች። በየማለዳው ታዳምጣለች። የባሰበት ካለ ትደውልለታለች።"

"አዊኛ ትችላለች?"

"ትችላለች እንጂ! ባትችል ምን ዋጋ አለው?"

ይህን ያለኝ መቅረጫውን እያስተካከለ ነው። ከዚያም "በይ አሁን፣ ፈገግ ብለሽ በይው፤ ፈገግታ በድምፅም ያስታውቃል" አለኝ። ፈገግ ብዬ አልኩት።

እናቴ ግፊት ከጀመራት ቆይቷል። እሷም ተመዘገበች፤ ስልኩንም ራሴ ወሰድኩላት። ከወንድሜና ከሚስቱ ጋር በአንድ ግቢ ነው የምትኖረው። ፊደል ስለማትለይ የወንድሜ ሚስት የአንድ ቁጥሩን ቁልፍ ቀይ የጥፍር ቀለም ቀባችላት። መጀመሪያ ሲጠራ አብሬያት ነበርኩ። ድምፄን ስትሰማ ስልኩንና እኔን እያፈራረቀች አየችና ሳቀች።

"አንቺው ነሽ?"

"እኔው ነኝ እማ። ሲያምሽ ቀዩን ተጫኝና ተናገሪ፤ እንሰማሻለን።"

"እንሰማሻለን" ነው ያልኳት። ያ ቃል ቀረጻው ላይ ብቻ ቢሆን ኖሮ ይሻል ነበር።

ከዚያ በኋላ ያሉት ወራት መልካም ነበሩ። አንድ ቀን ከግምጃ ቤት ስመለስ ሚኒባሱ ውስጥ ጎኔ ያለችውን ሴትዮ በአዊኛ "ትንሽ ጠጋ በይልኝ" ስል፣ ከፊት የተቀመጡ አንድ አዛውንት ዞር አሉ። "የጠዋቷ ልጅ!" አሉኝ። ድምፄን ለይተውት ነው። እጄን ይዘው መረቁኝ። "ስለ ዓይኔ ነግሬሻለሁ፤ ብዥ እያለብኝ ነው። አደራ።"

"እሺ አባቴ፣ ነርሷ ትደውልልዎታለች" አልኳቸው። እንጅባራ እስክንደርስ ደረቴ ተነፍቶ ነበር።

እናቴ ግን ተለወጠችብኝ። በወር አንድ ጊዜ ነው የምሄደው፤ ትምህርት ቤቱ ቅዳሜም ሥራ አያጣም። ድሮ ከሩቅ ስታየኝ በሩ ድረስ ትወጣ ነበር። አሁን ከመደቧ አትነሣም። ጉንጬን ሳም አድርጋ "ሥራ በዝቶብሻል አይደል?" ትለኛለች። "አዎ እማ፣ ፈተና ደርሷል" ስላት፣ "እንግዲያ ይሁን" ብላ ፊቷን ወደ ግድግዳው ትመልሳለች። በሌላኛው ጉዞዬ ፀጉሯን ልሠራላት ቅቤ ይዤ ብሄድ፣ "ተይው፣ እሷ ትሠራልኛለች" ብላ የወንድሜን ሚስት ጠራች።

የወንድሜን ሚስት ከጓሮ አግኝቼ "ምን አድርጌያት ነው?" አልኳት።

"እኔ ምን አውቄ? በየጊዜው የምትነጋገሩት እናንተ" አለችኝ። እርጅና ነው ብዬ አለፍኩት። ምን ማለትሽ ነው ብዬ አልጠየቅኋትም። ያችን አንዲት ጥያቄ ባለመጠየቄ ዛሬም ራሴን እወቅሳለሁ።

ክፍል ውስጥ ሆኜ ነው ወንድሜ የደወለው። እናቴ ውኃ ልትቀዳ ጣሳ ስታነሣ ከእጇ አምልጧት፣ ልታነሣው ጎንበስ እንዳለች ወድቃለች። በጋሪ ግምጃ ቤት፣ ከዚያ በመኪና እንጅባራ አመጧት። ሆስፒታል በር ላይ ስቀበላት አፏ ወደ አንድ ጎን ሄዷል፤ ቀኝ እጇ የእሷ አይመስልም። ሐኪሙ ስትሮክ ነው አለ። ግፊቷ ከፍ ብሎ ቆይቷል፤ ምልክት ሳያሳይ አይቀርም ነበር፣ ማንም አልነገራችሁም ወይ ብሎ ጠየቀን። እኔና ወንድሜ ተያየን። ለወንድሜ የነገረችው ነገር አልነበረም።

ቃሏ የተመለሰው በአምስተኛው ቀን ነው፤ ያውም እየተኮላተፈ። ሾርባ በማንኪያ እያጎረስኳት ነበር።

"ስንት ቀን ነገርኩሽ" አለችኝ።

"ምኑን እማ?"

"እጄን። ደነዘዘኝ አልኩሽ። ጣቶቼ የሰው ጣት ሆኑብኝ አልኩሽ። ቀዩን ተጭኜ።" ትንፋሿን ሰበሰበች። "ትመጫለሽ፤ እጄን ግን አትጠይቂም።"

ማንኪያውን አስቀመጥኩ። የስልኩ ሴት እኔ አይደለሁም፣ እዚያ ውስጥ የለሁም ልላት አፌን ከፈትኩ፤ ግን ከየት እንደምጀምር ጠፋኝ። በዚያው ቀን ተነሥቼ ወደ ቢሮው ሄድኩ።

አብሮ አደጌ ሲያየኝ ተነሥቶ "እናታችን እንዴት ዋለች?" አለኝ። በዚያው ዕለት ጠዋት ብርቱካን ይዞ ጠይቋት ነበር። እሱን ስታይ ደህና እጇን ዘርግታ ፊቱን ዳስሳለች፤ መርቃዋለችም። ለእኔ ያልወጣ ምርቃት ለእሱ ወጣ።

"የምታዳምጠዋን ነርስ ጥራልኝ" አልኩት።

መጀመሪያ ኔትወርክ ተቋርጦ ነበር አለኝ። ቀጥሎ ነርሷ ተዛውራለች አለኝ። "መቼ?" ስለው ጠረጴዛው ላይ ያሉትን ወረቀቶች መደርደር ጀመረ። "የት ነበር የምትቀመጠው? ወንበሯን አሳየኝ" አልኩት።

"አልተቀጠረችም" አለ በመጨረሻ። "ከመጀመሪያውም። የፕሮጀክቱ ሰነድ ላይ ነበረች፤ ኃላፊዎቹ ይቀጥራሉ ብዬ ጠበቅሁ።"

"ታዲያ ለምን 'እንሰማዎታለን' አስባልከኝ?"

"ካልተባለ ሰዉ አያምንም ነበር። ደግሞም ማስታወሱ ሠርቷል፤ መድኃኒት የማይወስዱት መውሰድ ጀምረዋል። በአንዲት ቃል ምክንያት ሁሉን ላስቀረው?"

"እናቴን ስትመዘግባትስ? በእሷ ስንቅ አድገህ?"

ለመጀመሪያ ጊዜ አንገቱን ደፋ። "እሷ በዚያ ትናገራለች ብዬ አላሰብኩም። ሌሎቹ ሰው የላቸውም። እሷ አንቺ አለሽላት።"

ከንግግሩ ሁሉ የቆረጠኝ ይህ ነው። ውሸቱ ሰው በሌላቸው ላይ ቢሆን ምንም አይደለም ብሎ ነበር የተቀመጠው።

አዛውንቶቹ የተናገሩት የት እንዳለ ጠየቅሁት። ላፕቶፑን ከፈተ። ሁሉም እዚያው ነበር፤ በየስልክ ቁጥሩ ተደርድሮ፣ አንዱም ሳይከፈት። የእናቴን ቁጥር በቃሌ አውቀዋለሁ። እሱ ወጥቶ በር ላይ ቆመ፤ እኔ ተቀምጬ አዳመጥኩ።

የመጀመሪያዎቹ ሰላምታ ናቸው። ትመርቀኛለች፤ ላሟ እንደወለደች፣ ጥጃው ወንድ እንደሆነ ትነግረኛለች፤ ድምፅሽ ጉንፋን የያዘሽ ይመስላል፣ ነጠላ ደርቢ ትለኛለች። ከዚያ ስለ እጇ ጀመረች። "የቀኝ እጄ ይደነዝዘኛል። እየባሰብኝ ነው፤ መቼ ትመጫለሽ?" ከሳምንት በኋላ፦ "ጣሳ አልይዝ አለኝ። ለወንድምሽ አልነገርኩትም፤ እርሻ ላይ ነው፣ አላስደነግጠውም። አንቺ ታውቂበታለሽ።" ከዚያ፦ "መጥተሽ ሄድሽ። ሰምተሽ ነው ዝም ያልሽው?" የመጨረሻዎቹ ውስጥ ቃል የለም። ቀዩን ተጭናለች፤ ትተነፍሳለች፤ ከሩቅ ዶሮ ይጮኻል፤ ያበቃል። እንደዚያ ያሉትን ሁሉንም እስከ መጨረሻቸው ሰማኋቸው።

ስጨርስ "ድምፄን አውጣልኝ" አልኩት። የፕሮጀክቱ ጊዜ ሳያልቅ አይቻልም አለ። እስኪቻል እዚሁ እቀመጣለሁ ብዬ ወንበሩን ያዝኩ። ቢሮው ሊዘጋ ሲል ለሆነ ሰው ደውሎ አስቆመው። የሌሎቹን አዛውንቶች መልእክት ቅጂ በፍላሽ አድርጎ ሰጠኝ። ስወጣ "ይቅርታ" አለኝ። ከዚያ ወዲህ ተነጋግረን አናውቅም። ለቅሶ ቤት ብንገናኝ እሱ ከድንኳኑ አንድ ጫፍ፣ እኔ ከሌላው እንቀመጣለን።

ፍላሹን ይዤ ጤና ጣቢያ ወደምትሠራ፣ ወደምታውቀኝ ነርስ ሄድኩ። ከትምህርት ሰዓት በኋላ እየተገናኘን፣ እኔ አዊኛውን ሰምቼ እነግራታለሁ፤ እሷ ትጽፋለች፤ ከዚያ ትደውላለች። ስለ እግር ቁስል የሚናገር ነበር፤ ኪኒኑ ሲያልቅባቸው ከጎረቤት የተበደሩ ነበሩ፤ ዝም ብለው የልጅ ልጃቸውን ስም የሚያስተዋውቁኝም ነበሩ። የሚኒባሱን አዛውንት ድምፅ ለየሁት። ስለ ዓይናቸው ሰባት ጊዜ ነግረውኛል፤ በመጨረሻው "ሚኒባስ ላይ ቃል ገብተሽልኝ ነበር" ብለዋል። ነርሷ ስትደውል ልጃቸው አነሣች። አባቷ ከፋሲካ በፊት ማረፋቸውን ነገረችን። በምን እንደሞቱ ልጠይቅ ፈለግሁ፤ ነርሷ ግን ስልኩን ዘግታ እጄን ያዘችኝ።

ድምፄ ከቆመ በኋላም ቅያሜው አልቀረም። ገበያ ላይ አንዲት ባልቴት ድምፄን ለይተው አስቁመውኝ "ምነው፣ ምን በደልንሽ? ጠዋት ጠዋት መደወሉን ተውሽው" አሉኝ። እኔን እየጠበቁ መድኃኒት መውሰዱን እንደለመዱ፣ አሁን እንደሚዘነጉት ነገሩኝ። አብሮ አደጌ የተናገረው ሁሉ ውሸት አለመሆኑ ይበልጥ አናደደኝ።

እናቴ ከሆስፒታል ወጥታ ቤቷ ስትገባ እውነቱን ነገርኳት። የተቀረጸ ድምፅ ምን እንደሆነ፣ ማንም እንዳልሰማት፣ እኔም እንዳልሰማሁ፣ ያታለለን ማን እንደሆነ። አዳመጠችኝ።

"ልጄን ነው የምትከሺው?" አለች ስጨርስ።

"እውነቱን ነው እማ። እሱ ነው የዋሸን።"

"በሰው አታሳቢ። ድምፁ ያንቺ ነው። 'እንሰማሻለን' ያልሽኝ አንቺ ነሽ፤ እዚሁ፣ እዚች መደብ ላይ ተቀምጠሽ።"

ብያለሁ።

አሁን ቅዳሜ ቅዳሜ እሄዳለሁ። የግፊት መለኪያ ገዝቻለሁ፤ ግራ እጇን ትሰጠኛለች፣ እለካለሁ፣ ደብተር ላይ እጽፋለሁ። ቀኝ እጇ ትንሽ ትንሽ እየተፍታታ ነው፤ ጣሳ ባትይዝም በትር ትይዛለች። ስለ ሕመሟ ግን ለእኔ አትናገርም። ያለፈው ቅዳሜ የወንድሜ ሚስት እንጨት ከምትፈልጥበት ጠርታኝ፣ እናቴ ሰሞኑን ጎህ ሲቀድ ራሷን እንደሚያዞራት በሹክሹክታ ነገረችኝ። ወደ ቤት ተመልሼ አጠገቧ ተቀመጥኩ።

"እማ፣ ራስሽን እንዴት ነው?"

"ደህና ነው" አለችኝ፣ "እግዚአብሔር ይመስገን።" ነጠላዋን አስተካክላ ወደ በሩ ማየቷን ቀጠለች።