ከሸራው የመጣ ዋሽንት

ትናንት ብቻዬን ቴሌቪዥን ከፍቼ ሳለ፣ ከአንድ ፊልም ውስጥ የአየርላንድ ዋሽንት ሰማሁና ያደግሁባት ከተማ ንፋስ መውጫ ትዝ አለችኝ።

በጃንሆይ ጊዜ ነው። ፊልም የሚያሳይ መኪና ከተማችን መጣና የትምህርት ቤታችን መስኮቶች በብርድ ልብስ ተሸፈኑ። ያሳደገችኝን አክስቴን ይዣት ገባሁ። አንድ ልጇ ወታደር ሆኖ ከሄደ ወዲህ ወሬው ጠፍቶባት ነበር። ክፍሉ እርጥብ ጋቢ ይሸታል። ፊት ለፊት በተሰቀለው ሸራ ላይ አንዲት የአየርላንድ እናት ልጇን መርከብ አሳፍራ ባሕሩ ዳር ቀረች። ዋሽንት ቀስ ብሎ ይሰማ ጀመር፤ ማሲንቆ የመሰለ ድምፅም ተከተለው።

አክስቴ ከመቀመጫዋ ተነሣች። መምህራችንን፣ "ልጁ ተመለሰላት?" ብላ ጠየቀቻቸው።

"እሱን ፊልሙ አላሳየንም፣ እሜቴ" አሏት።

"ዋሽንት የሚነፋውስ ሰው የት አለ?"

"እሱ አይታይም። ለሐዘኗ ብለው ኋላ የጨመሩት ነው።"

ወደ ቤት ስንመለስ ጭጋጉ መንገዱን ሸፍኖት ነበር። አክስቴ፣ "እሷስ ታድላ! ስታዝን የሚነፋላት አገኘች" አለችኝ። "እኔ ልጄን ስሸኝ ውሻ እንኳ አልጮኸም።"

ክንዷን ይዤ በጭጋጉ ውስጥ መራኋት። ትናንት የቴሌቪዥኑ ፊልም አልቆ ቤቱ ጭር ሲል፣ መብራት ሳላበራ ቁጭ ብዬ ቀረሁ።