የቡጢኛው እርሻ

ቤቫን ክራዶክ አንድ ቡጢ ቀርቶት ነፍሰ ገዳይ ከመባል የተረፈ ሰው ነው። ዳኛዋም በችሎት ያሉት ይህንኑ ነው፤ አንድ ቢጨምር ኖሮ ክሱ ሌላ ይሆን ነበር። የደበደበው የቀድሞ ሚስቱን አዲስ ወዳጅ ነው። የደበደበውም በሴትዮዋ ወጥ ቤት ውስጥ፣ ትንሿ ልጁ ቲጋን ጠረጴዛው ጋ ተቀምጣ ቁርሷን እየበላች ነው። ልጅቷ አላለቀሰችም። ማንኪያዋን እንደያዘች እስከ መጨረሻው አየች።

እኔ ከእሱ ጋር አንድ ክፍል ውስጥ ነበርኩ፤ እሱ ላይኛው አልጋ፣ እኔ ታችኛው። ግማሽ ዕድሜዬን በቪክቶሪያ ክፍለ ሀገር እስር ቤቶች ስለፈጀሁ ስለ እስረኛ የሚጻፈውን ብዙ አንብቤአለሁ። ወይ አውሬ ያደርጉናል ወይ መልአክ፤ ሁለቱም ያቃጥለኛል። ቤቫን ከባላራት ወጣ ብላ ካለች መንደር የመጣ የበግ ጠጉር ሸላች ነበር። ክንዱ ወፍራም፣ ንግግሩ ቁጥብ፣ ሲናደድ ዓይኑን የሚያጠብ ሰው ነው፤ ከዚህ ሌላ የተለየ ነገር አልነበረውም።

በኛ እስር ቤት ከኢንተርኔት ጋር ሊገናኝ የሚችል ዕቃ ሁሉ ክልክል ነው። ስለዚህ ውጭ ያለው ሰው ከጣለው ስንት ዘመን የሆነው ፕሌይስቴሽን የሚባለው አሮጌ የጌም ማጫወቻ እኛ ዘንድ ገና ክብሩ አልተነካም። በዚያ ላይ ጥይት ያለበት፣ ደም ያለበት፣ ሰው የሚደበደብበት ጌም አይገባም። የዕቃ ክፍሉ አለቃ የሲዲውን ሽፋን አገላብጦ ለልጆች የተፈቀደ መሆኑን የሚያሳየውን ምልክት ይፈልጋል፤ ምልክቱ ከሌለ ሲዲው ወደ መጣበት ይመለሳል። እንግዲህ በኛ ዞን ሰው ያረደውም፣ ባንክ የዘረፈውም ዓሣ ሲያጠምድ፣ ጎልፍ ሲመታ፣ በትንሽዬ መኪና ከጥንቸል ጋር ሲሽቀዳደም ይውላል። በዚያ የጥንቸል ውድድር ተበልጦ የተናደደ አንድ ሰው ማንቆርቆሪያ ውሃ አፍልቶ፣ ስኳር ጨምሮ በጓደኛው ፊት ላይ ሲደፋው ዓይኔ አይቷል። ስኳሩ የሚጨመረው ውሃው ቆዳ ላይ ተጣብቆ እንዲቀር ነው። ቲቪው ላይ ጥንቸሏ ዋንጫዋን ይዛ እየዘለለች ነበር።

ለቤቫን ጌም የምታድንለት እናቱ ግሌኒስ ነበረች። ሴትዮዋ ጉልበቷን ያማታል፤ አንደበቷ ግን ደህና ነው። በባላራትና በዙሪያው ባሉት ከተሞች ቤተ ክርስቲያኖች የሚያስተዳድሯቸውን የልባሽ ሱቆች አንድ በአንድ ታውቃቸዋለች፤ ከድሮ ሳህኖችና ከተጠለፉ ትራሶች ኋላ ያለውን የሲዲ መደርደሪያ እጇን እየሰደደች ትበረብራለች። ዛሬ ዛሬ እነዚህን ጌሞች የሚሰበስቡ ጎረምሶች በዝተዋል። ሱቁ ሳይከፈት በር ላይ ይቆማሉ፤ አሮጊት ይገፋሉ። አንድ ቀን አንዱ ከእጇ ሲነጥቃት የዕቃ ጋሪዋን በቁርጭምጭሚቱ ላይ ነዳችበትና ሰውዬው መሬት ላይ ተቀመጠ፤ ሲነሳ እያነከሰ ሄደ። ይህን ለጥየቃ መጥታ ስትነግረን ልጇ ከማን እንደወጣ ገባኝ።

ሲዲዎቹ ተጭረው ነው የሚመጡት። ቤቫን በጥርስ ሳሙና ከመሃል ወደ ጠርዝ እያሸ ያጸዳቸዋል። ማጫወቻውም አርጅቶ ስለነበር ካልተገለበጠ አያነብም፤ እግሩን ወደ ላይ አድርገን ነበር የምንጫወተው።

ቲጋን ከዚያ ወጥ ቤት በኋላ፣ እናቷ ማሳደጉን ስላልቻለች፣ ከአያቷ ከግሌኒስ ጋር ነው የምትኖረው። ቤቫን እሑድ እሑድ ይደውላል፣ ግሌኒስ ስልኩን ለልጅቷ ትሰጣታለች፣ ልጅቷ ትተነፍሳለች፤ በቃ። መስመሩ እስኪቆረጥ ድረስ እሱ ያወራል፣ እሷ ትተነፍሳለች። ይህ ዓመታት ቆየ። ከዚያ ግሌኒስ የተዘጋ የቪዲዮ ቤት ዕቃ ከተራገፈበት ካርቶን ውስጥ ሁለት አንድ ዓይነት ሲዲ አገኘች፤ የእርሻ ጌም ነው። ድንች ይተከላል፣ ዶሮ ይመገባል፣ ላም ይታለባል። አንዱን ለኛ ላከች፤ ሌላውን ከአንድ ያገለገለ ማጫወቻ ጋር ለልጅቷ ሰጠቻት። በሚቀጥለው እሑድ ልጅቷ አፏን ከፈተች።

"ላምህን ማን አልካት?"

ቤቫን ያላሰበበት ጥያቄ ሆነበትና "ግሌኒስ" አላት። ልጅቷ ሳቀች። ከስልኩ ኋላ ግሌኒስ ስትሳደብም ተሰማ። ቤቫን ወደ ክፍል ሲመለስ ፊቱ በርበሬ መስሎ ነበር፤ ያለቀሰ መሆኑን ስለማውቅ ዞር አልኩለት።

ከዚያ ወዲህ ያ ግዙፍ ሰው ከእስር ቤቱ የእንጨት ሥራ ሲመለስ በቀጥታ ወደ እርሻው ነው። ወቅቱን ከልጅቷ ጋር እኩል ያስኬዳል፤ እሷ ዘንድ በልግ ከሆነ እሱም ዘንድ በልግ ነው። እሑድ ስለ ጥጃና ስለ ጎመን ያወራሉ። አንድ ቀን፣ ይሄን ጌም ለምን ወደድሽው ብሎ ቢጠይቃት፣ እዚህ ጌም ውስጥ ማንም ማንንም አይመታም አለችው። ያን ዕለት ቤቫን እንዲህ አለኝ፦

"ከዚህች ልጅ ጋር ቡጢ የሌለበት ያለኝ ነገር ይሄ ብቻ ነው፣ ወንድሜ። ይሄ ከጠፋ ለሷ ወጥ ቤት ያየችው ሰውዬ ነኝ።"

አመክሮውም ቀርቦ ነበር። እጁን ከሰው ላይ ካነሳ መቆየቱ በመዝገብ ገብቶለታል።

ኬልሶ የመጣው ያኔ ነው። ከሌላ እስር ቤት የተዛወረ፣ አንገቱ ላይ የተነቀሰ፣ በሌላ ሰው እጅ እሳት መጨበጥ የሚወድ ጉልበተኛ ነው። በኛ ዞን ቤተ መጻሕፍቱን የሚያጸዳ ፌኔክ የሚባል የማልታ ሽማግሌ አለ። ኬልሶ ፌኔክን ውሻ ነው ይለዋል፤ እኛ ዘንድ ውሻ ማለት ለአለቆች፣ ለጠባቂዎቹ ማለት ነው፣ ወሬ የሚያቀብል ነው። እውነት ይሁን ውሸት ማንም አላጣራም። ኬልሶ የራሱን እጅ ማቆሸሽ ስላልፈለገ ቤቫንን የሽማግሌውን መንጋጋ እንዲሰብርለት ጠየቀው። ቤቫን አልሰብርም አለና ድንቹን ሊያጠጣ ገባ።

በማግስቱ ከሥራ ስንመለስ ማጫወቻው ቦታው ላይ ነው፣ ሲዲውም ውስጡ ነው፤ እርሻው የተቀመጠባት ሚሞሪ ካርድ ግን የለችም። ከጣት ብዙም የማትበልጥ ጥቁር ፕላስቲክ ነች። ላሞቹ፣ ጎተራው፣ የዚያ ሁሉ ጊዜ ልፋት እሷ ላይ ነው ያለው። ኬልሶ በራፋችን ላይ ተደግፎ ቆሞ ነበር።

"ላምህ እኔ ጋ ናት። የሽማግሌውን መንጋጋ አምጣና ውሰዳት።"

እኔ በሰውዬው ላይ ዘልዬ ልከመርበት ምንም አልቀረኝም። ቤቫን እጆቹን ብብቱ ስር ከተተና ተቀመጠ። ለአለቆች ይናገር ብዬ አልመከርኩትም፤ የተናገረ ቀን እሱም ውሻ ነው፣ ውሻ ደግሞ ሻወር ቤት ገብቶ በእግሩ አይወጣም። ግሌኒስ ሌላ ካርድ ፈልጋ ብትልክም ባዶ መሬት ነው የምትልከው።

ኬልሶ ዝም ብሎ አልጠበቀም። ሁለት ተላላኪዎቹ የዓሣ ቆርቆሮ ካልሲ ውስጥ ከትተው ምግብ ሰልፍ ላይ የቤቫንን ማጅራት ፈለጡት። ደሙ በጀርባው እየወረደ ሳህኑን ይዞ ተራውን ጠበቀ። ሌላ ቀን ደረጃ ላይ ጠልፈው ጣሉትና ጎድኑን ረገጡት፤ ሲረግጡት ድምፃቸውን ሰማሁ፣ የሱን ግን አልሰማሁም። ደሜ ፈላ። እጅህ ተቆርጧል ወይ አልኩት። ከፎቁ ሁሉ አንተን ብቻ ፈርተው ኖረው አሁን በቆርቆሮ ይጫወቱብሃል አልኩት። ጥርሱን ነክሶ አየኝና ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ያን ጊዜ ልመታው ፈልጌ ነበር።

ስልክ ላይ ግን መዋሸት ጀመረ። ላሚቱ ደህና ናት፣ ጥጃዋ አድጋለች ይላል። መጀመሪያ አለፈለት። በኋላ ልጅቷ ምን ተከልክ ስትለው ቲማቲም አላት።

ቲማቲም በበልግ አይበቅልም፣ አባዬ፤ አለችው።  አንተ እየተጫወትክ አይደለም አለችው። በሚቀጥለው እሑድ ስልኩን ስትይዝ መተንፈስ ብቻ ሆነ። እንደ ድሮው።

ቤቫን ከዚያ ስልክ በቀጥታ ወደ ልብስ ማጠቢያው ሄደ። እኔ እዚያ አንሶላ ሳጥፍ ነበር። ኬልሶ ከማድረቂያው ፊት ለፊት ሣጥን ላይ ተቀምጧል፤ ተላላኪዎቹ ጎኑ ቆመዋል። ቤቫን ሊማታ አልመጣም፤ ይህን እምላለሁ። እጁ ኪሱ ውስጥ ነበር።

"ስጠኝ" አለው። "ልጄ አኩርፋኛለች። እባክህ።"

ያ ሰው እባክህ ሲል የሰማሁት ያን ቀን ብቻ ነው። ኬልሶም ጣመው። ካርዷን ከካልሲው አወጣ፣ ለተላላኪዎቹ አሳየ፣ እንደ ብስኩት በጥርሱ መሃል አስገባት። ሞ እያለ የላም ድምፅ አወጣ። ከዚያ ነከሰ። ፕላስቲኩ ሲሰበር ቀጭን ድምፅ ነው የሰጠው።

የቤቫን ዓይን ጠበበ።

የመጀመሪያው ቡጢ ሰባራውን ፕላስቲክ ድድ ውስጥ ቀረቀረው። ኬልሶ እጁን ወደ አፉ ሲወስድ ሁለተኛው አፍንጫውን አገኘውና ደሙ ያጠፍኩት አንሶላ ላይ ተረጨ። አንደኛው ተላላኪ ከኋላ ዘለለበት፤ ቤቫን ሳያየው በክርኑ ጉሮሮውን አለው፣ ልጁም ጉሮሮውን ይዞ ተንበረከከ። ሌላው ሮጠ። ከዚያ በኋላ የነበረው ጠብ አልነበረም፤ ሥራ ነበር። በግ እንደሚሸልት ሰው ኬልሶን በጉልበቶቹ መሃል ይዞ፣ ጭንቅላቱን በግራው ደግፎ፣ በቀኙ ይመታል። መንጋጋው ሲወልቅ ሰማሁ። ከወለቀ በኋላም መታ። ጉንጩ ሲገባ አየሁ። ስሙን ጠራሁት፤ ቤቫን፣ ቤቫን፣ በቃ አልኩት፤ አልሰማኝም። አለቆቹ ገብተው ፊቱን በበርበሬ ጭስ ሲነፉት እንኳን ዓይኑን ጨፍኖ ቀጠለ። አራት ሆነው በዱላ ነው ያላቀቁት። ወለሉ ላይ ጥርስ ነበር፣ ፕላስቲክ ነበር፣ የቱ የቱ እንደሆነ አይለይም።

እውነቱን ለመናገር ሲጀምረው ደስ ብሎኝ ነበር። ሲጨርስ ግን አስታወኩ።

ኬልሶን በሄሊኮፕተር ወሰዱት፤ በሕይወት ተረፈ፣ በአንድ ዓይን። የቤቫን አመክሮ ቀረ፣ አዲስ ክስ ተጨመረበት፣ ጨለማ ቤት ገባ። እኔ ለጨለማ ቤቱ ምግብ በጋሪ የማድረስ ሥራ ነበረኝና በየቀኑ በበሩ ትንሽ መስኮት አየዋለሁ። እጁ አብጦ ሹካ አይዝለትም። የሚያወራው ስለ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ እናቱ ሳትነግራት በፊት ለቲጋን ራሱ መንገር አለበት። ትጠላኛለች፣ ግን ከኔ ትስማው ይላል።

እሑድ አለቃው ገመድ አልባውን ስልክ በመስኮቷ አቀበለው። እኔ ሳህን እየሰበሰብኩ እዚያው ቆየሁ፤ አለቃውም አላባረረኝም። ቤቫን ጉሮሮውን ጠረገ።

"ቲጋን፣ እርሻው የለም። አንድ ሰውዬ ካርዱን ሰበረው። እኔም... መታሁት። በጣም መታሁት።"

 እስትንፋሷን የሚቆጥር ይመስል ግንባሩን በሩ ላይ አስደግፎ ቆመ። ከዚያ ቀና አለ።

"ምን?... በቀኝ።... አዎ፣ ወደቀ።... አላውቅም፣ ብዙ ጥርስ።... አይ፣ አላለቀሰም፣ አፉ አይሠራም ነበር።"

እየቆየ ድምፁ ሌላ ሆነ። መጀመሪያ እየቆጠበ ነበር የሚመልሰው፤ በኋላ ቶሎ ቶሎ መለሰ፣ አንድ ጊዜም ሳቀ። መስመሩ ራሱ እስኪቆረጥ ድረስ አወሩ። ስልኩን በመስኮቷ ሲመልስ ፊቱ አመድ ለብሶ ነበር።

"ምን አለችህ?" አልኩት።

"እንደዚህ አውርታኝ አታውቅም" አለ። "የቱ ጋ መታኸው፣ ስንቴ መታኸው፣ ደሙ ምን ያህል ነው። ሁሉንም ንገረኝ አለች። ትምህርት ቤት አንዲት ልጅ ቦርሳዋን ትነጥቃታለች አሉ። ባለፈው መታኋት፣ ግን እሷም መልሳ ዓይኔን አለችኝ አለች።"

"አንተስ ምን አልካት?"

ቤቫን ያበጠ እጁን አየ።

"ስትመቺ ግራ እጅሽን ከፊትሽ ላይ አታውርጂ አልኳት።"