የእትዬ በዛወርቅ ግማሽ ዕዳ

እትዬ በዛወርቅ ቤት ስገባ መጀመሪያ ያየሁት ፎቶግራፎቹ ሁሉ ወለል ላይ መቆማቸውን ነው። የሟቹ ባለቤታቸው የጋሽ ወልደ ጊዮርጊስ ፎቶ፣ የልጃቸው የአብርሆት የምረቃ ፎቶ፣ የእመቤታችን ሥዕል፣ ሁሉም እንደ ተቀጡ ተማሪዎች ግድግዳውን ተደግፈው ወለሉ ላይ ተደርድረዋል። ከበላያቸው ያለው ግድግዳ ባዶ ነው። የጓሮውን ክፍል ልከራይ በመጣሁ ቀን ዓይኔ ከዚያ አልነቀል ቢል እትዬ በዛወርቅ ራሳቸው ነገሩኝ።

«ካርታዬ እስኪመለስ ሚስማር አልመታም። የሰው ግድግዳ አይበሳም።»

ካርታው የቤታቸው የይዞታ ማረጋገጫ ነው። ለቤቱ መግዣ ያበደራቸው ድርጅት መያዣ አድርጎ ወስዶታል። እኔ ከደካ መጥቼ እዚህ ቦንጋ ዩኒቨርሲቲ ሥነ ጽሑፍ የምማር፣ ግጥም የምሞነጫጭር ሰው ነኝ፤ በራሱ ቤት ውስጥ እንደ እንግዳ ተጠንቅቆ የሚኖር ሰው ግን ከዚያ በፊት አይቼ አላውቅም ነበር።

እትዬ በዛወርቅ የሺሺንዳ ልጅ ናቸው። ባላቸው በወጣትነታቸው ሞተውባቸው አብርሆትን ማር እየሸጡ ብቻቸውን አሳደጉ። ከጫካ የወረደውን ማር ከገበሬዎቹ ይረከባሉ፤ ቦንጋ ገበያ ወስደው ይሸጣሉ። ኮረሪማም አልፎ አልፎ ይይዛሉ። ገበያው የሚያውቃቸው ግን ከማራቸው ይልቅ በእቁብ ዳኝነታቸው ነው። ሐሙስ ሐሙስ ነጋዴው ዙሪያቸውን ይሰበሰባል፤ ገንዘቡ ይቆጠራል፤ ዕጣ ይወጣል፤ የደረሰው ዋስ ጠርቶ ይወስዳል። በእሳቸው ዳኝነት አንድ ብር ጎደለ ሲባል ተሰምቶ አያውቅም።

አንድ ሐሙስ እኔም እዚያው ነበርኩ። ጨርቃ ጨርቅ የሚሸጠው ሰላሐዲን ዕጣው ቀደም ብሎ ደርሶት ነበርና በየዋህነት «እትዬ፣ እኔ ስንት ቀረብኝ?» አላቸው።

ብር የሚቆጥረው ሰው ቆጠራውን አቋረጠ።

«ምነው ሰላሐዲን፣ በላሁብህ?»

«ኧረ በአላህ! እንዲሁ ለማወቅ ያህል ነው እንጂ…»

«የጀመርንበትን ታውቃለህ። የምንጨርስበትን ታውቃለህ። መሃል ላይ ከደረስን ግማሹን ከፍለሃል ማለት ነው። ይኼ ምን ጥያቄ አለው?»

ሰዉ ሳቀ፤ ሰላሐዲን አፈረ። በእቁብ ውስጥ «ስንት ቀረብኝ?» ማለት ዳኛውን ሌባ ከማለት የሚሻለው በጥቂት ነው። ያን ቀን እኔም አብሬ ስቄያለሁ። ያ ወግ እሳቸውን ራሳቸውን ምን እንዳስከፈላቸው ያወቅሁት በኋላ ነው።

ከአሥር ዓመት በፊት ነው፤ እትዬ በዛወርቅ ሦስት መቶ ሺህ ብር ተበድረው ይህን ቤት ገዙ። ወለዱ በዓመት ከመቶ አሥራ ሰባት፣ ዘመኑ ሃያ ዓመት፣ የወር ክፍያው አራት ሺህ አራት መቶ ብር። ጠቅላላ ክፍያው ከአንድ ሚሊዮን እንደሚያልፍ ያን ጊዜም አባዝተው አውቀውታል። «ውድ ነው፤ ግን ኪራይ ስከፍል ብኖር መጨረሻ ላይ ምን እይዛለሁ?» ብለው ነው የገቡበት። በየወሩ ሳያዛንፉ ከፈሉ። ማር በጠፋበት ክረምት ከሰው ተበድረው ከፈሉ። ድርጅቱ ደጃፍ ሲደርሱ ገንዘቡን ይሰጣሉ፤ ደረሰኛቸውን ይቀበላሉ፤ ይወጣሉ። ስንት ቀረብኝ ብለው ግን አንድም ቀን ጠይቀው አያውቁም። ለምን ይጠይቃሉ? በሰው እምነት ላይ እንዴት ይዘባበታሉ?

ዘንድሮ አሥረኛው ዓመት ሞላ። ጉልበታቸው ታሟል፤ የማር ጀሪካን ማንሳት አቅቷቸዋል፤ ለሌላ አሥር ዓመት ገበያ መቀመጥ እንደማይችሉ ያውቁታል። ስለዚህ ቀላል ሒሳብ ሠሩ። ሃያው ዓመት ተጋምሷል፤ ከሦስት መቶው ሺህ የቀረው መቶ ሃምሳ ነው። በወጉ የመጀመሪያው ዕጣ የዳኛው ነው፤ እሳቸው ግን ሁልጊዜ ለቸገረው ይለቁት ነበር። ዘንድሮ አልለቀቁም። የእቁቡን ገንዘብ ተቀብለው፣ የጎደለውን ከራሳቸው ሞልተው፣ መቶ ሃምሳ ሺህ ብር በዘንቢል ይዘው ወደ ድርጅቱ ሄዱ። በእጃቸው እንዲህ ያለ ገንዘብ ከእንግዲህ እንደማይገባ ነግረውኝ ስለነበር፣ ዘንቢሉን እየተፈራረቅን ልንይዝ አብሬ ወጣሁ።

መስኮቱ ላይ የነበረው ሳሙኤል የሚባል፣ ከሌላ ክልል ተመድቦ የመጣ ወጣት ነው። ጨዋ ልጅ ነው። ተነሥቶ ወንበር ሰጣቸው።

«ልጨርስ ነው የመጣሁት» አሉት። «ግማሹን ከፍያለሁ፤ ግማሹ ይኸው። ካርታዬን አምጣልኝ።»

ሳሙኤል ኮምፒውተሩን ነካካ። ቀና አለ፤ መልሶ አጎነበሰ።

«እናቴ፣ የቀረብዎት ሁለት መቶ ሃምሳ ሦስት ሺህ ነው።»

«የማንን ነው የምታየው? በዛወርቅ ሀብተሥላሴ በል።»

«የእርስዎን ነው።»

«ልጄ፣ አሥር ዓመት ከፍያለሁ እኮ።»

«አዎ፣ አንድም ወር አላሳለፉም። በጣም ጥሩ ደንበኛ ነዎት።»

ጥሩ ደንበኛ! ሳሙኤል ረጋ ብሎ አስረዳቸው። ወለዱ የሚሰላው በቀረው ዕዳ ላይ ነው። መጀመሪያ ላይ ዕዳው ሙሉ ስለሆነ ከክፍያው አብዛኛውን የሚወስደው ወለዱ ነው፤ ዋናውን ዕዳ የሚቀንሰው ከዚያ የተረፈችው ብቻ ናት።

«የመጀመሪያውን ወር ንገረኝ» አሉት።

«አራት ሺህ ሁለት መቶ ሃምሳው ለወለድ ነው የሄደው።»

«ከአራት ሺህ አራት መቶው?»

«አዎ።»

«ለቤቴ መቶ ሃምሳ ብር?» ድምፃቸው ከፍ አለ። «አንድ ኪሎ ተኩል ማር? ወር ሙሉ ፀሐይ ላይ ተቀምጬ፣ ለቤቴ የደረሰው አንድ ኪሎ ተኩል ማር ነው?»

«ውሉ ላይ እኮ ተጽፏል እናቴ። ፈርመዋል።»

«ያስፈረመኝ ሰውዬ እዚያ ጋ ነበር የተቀመጠው። ሻይ አዘዘልኝ። ሻዩን ጠጣሁ። ይህን ግን አልነገረኝም!»

ከአምስት መቶ ሺህ ብር በላይ ከፍለዋል። ዕዳው የቀነሰው በአርባ ሰባት ሺህ ብቻ ነው። በየወሩ የምሰጣቸው ኪራይ፣ አብርሆት ከደመወዟ ቀንሳ የምትልከው፣ በክረምት የተበደሩት፣ ሁሉም ቤቱን ሳይነካ በላዩ አልፎ ሄዷል። ዝናብ እንኳ በቆርቆሮው ላይ ሲያልፍ ድምፅ ያሰማል፤ ይህ ምንም ድምፅ አልነበረውም። ማንም አልዋሻቸውም። የሚያናድደኝም ይኸው ነው፤ ሌባ ቢኖር ስሙን ጠርቼ እሰድበው ነበር። ያለው ግን በደቃቅ ፊደል የተጻፈ እውነት፣ አንድ ብርጭቆ ሻይና «እዚህ ጋ ይፈርሙ» የሚል ጣት ብቻ ነው።

ዘንቢሉን አንሥተው ወጡ። ቤት ስንደርስ አልጋቸው ሥር ከተቱት።

ከዚያ በኋላ ያለው ጊዜ ለግቢው ሰው ሁሉ መከራ ነበር። ቧንቧ ከፈትክ ብለው ጮኹብኝ፤ ቧንቧ ዘጋህ ብለውም ጮኹብኝ። የጎረቤታቸው የተሾመች ዶሮ አጥር ሾልካ ብትገባ «አንቺም ወለድ ፈልገሽ ነው?» ብለው አባረሯት። ተሾመች ካጥሩ ወዲያ ስትስቅ ሰማኋት፤ እሳቸው ግን አልሳቁም። አልጋቸው ሥር ያለው ገንዘብ እንቅልፍ ነሥቷቸዋል። ገሚሱ የእቁቡ ነው፤ ሐሙስ በመጣ ቁጥር ድርሻቸውን ይጥላሉ። ለማያልቅ ዕዳ ከሚከፍሉት ለእቁቡ ይመልሱት ይሆን? ቤቱን ሸጠው ሺሺንዳ ይግቡ? ይህንንም ሲሉ ሰምቻለሁ።

አንድ ከሰዓት በኋላ፣ ዝናቡ በረንዳው ላይ አግዶን ሳለ፣ ድንገት ዞር አሉብኝ።

«አንተ ባለቅኔ።»

«አቤት እትዬ።»

«ወለዱ በቀረው ላይ ነው የሚሰላው አይደል ያለው ልጁ?»

«አዎ።»

«እንግዲያው የቀረውን በአንድ ጊዜ ባሳንሰውስ?»

ስልኬን አወጣሁ። እኔ የሥነ ጽሑፍ ተማሪ ነኝ፤ ሒሳብ ከተለያየን ቆይተናል። ግን የሚያስፈልገው መደመርና መቀነስ ብቻ ነበር። ከሁለት መቶ ሃምሳ ሦስት ሺህ መቶ ሃምሳውን ቀነስን፤ መቶ ሦስት ሺህ ቀረ። የወሩን ወለድ አስበን ጨመርን፤ አራት ሺህ አራት መቶውን ቀነስን። «ቀጥል» አሉኝ። ቀጠልን። መጀመሪያ በዝግታ ወረደ፤ ከዚያ ፈጠነ፤ ከዚያ ቁልቁለት እንዳገኘ ባጃጅ ተንደረደረ። ገና ሁለት ዓመት ተኩል ሳይሞላ ዕዳው አለቀ። አሥር ዓመት የነበረው!

እንደገና ሠራሁት። ያው ነው። ሩብ ሚሊዮን ብር ያህል ወለድ ሳይወለድ ቀረ። እኔ ብድግ ብዬ ጨፈርኩ ማለት ይቻላል። እሳቸው ግን ፊታቸው ከበፊቱ ይልቅ ጠቆረ።

«እንዲህ ቀላል ነበር?» አሉ። «በየዓመቱ ከእቁቤ ትንሽ ትንሽ ብጥልበት ኖሮ ይኼኔ አልቆ ነበር! የዳኛውን ዕጣ ለሰው ስለቅ፣ ደግ ነኝ ስል፣ ቤቴን ሳስበላ ኖሬያለሁ!»

በማግስቱ ዘንቢሉን ይዘን ተመልሰን «ልከፍል ነው» ሲሉት ሳሙኤል ደስ አለው።

«በጣም ጥሩ ወሰኑ እናቴ። ገንዘቡን በሒሳብዎ ገቢ ላድርግልዎትና በየወሩ ከዚያ ላይ ይቆረጣል። ወደ ሦስት ዓመት ገደማ እዚህ መምጣት የለብዎትም። ያርፋሉ።»

ይህን ያለው በቅንነት ነው፤ እምላለሁ። ያን ከሰዓት በኋላ በረንዳው ላይ ባንቀመጥ ኖሮ መርቀውት ይወጡ ነበር። ገንዘቡ ለወር ክፍያ ብቻ እየሄደ ሦስቱ ዓመት ሲያልቅ፣ የሌላ ሰባት ዓመት ዕዳ እዚያው ተቀምጦ ይጠብቃቸው ነበር።

«አላርፍም» አሉት። «ከዋናው ላይ ቀንሰው።»

«ለዚያ ማመልከቻ ያስፈልጋል። ሥራ አስኪያጁም መፈረም አለባቸው፤ አሁን ደግሞ ስብሰባ ላይ…»

እትዬ በዛወርቅ ወደ ካፊኖኖ ተሻገሩ። ሲናደዱ አማርኛው አይበቃቸውም። ሰልፍ የያዙት ሁለት ገበሬዎች ጎንበስ ብለው አፋቸውን ሸፈኑ።

«ምን አሉ?» አለኝ ሳሙኤል።

«ባትሰማው ይሻልሃል።»

ወደ አማርኛ ተመለሱ። «አንተ ቤት አለህ?»

«የለኝም፤ ብድር ጠይቄያለሁ።»

«በዚሁ ወለድ?»

ልጁ ቀላ። «ለሠራተኛ… ትንሽ ዝቅ ይላል።»

«ዝቅ ይላል!» ዘንቢሉን ጠረጴዛው ላይ ዘረገፉት። «እንግዲህ እዚህ ነኝ። ሥራ አስኪያጅህ እስኪፈርም አልነሣም። ብትፈልጉ ማታ ስትዘጉ ቆልፉብኝ፤ እኔም በራሴ ላይ ስቆልፍ ነው የኖርኩት።»

ሳሙኤል ትንሽ አያቸውና ተነሣ። ማመልከቻውን እሱ ራሱ ጻፈላቸው፤ አነበበላቸው፤ «ከዋናው ዕዳ ላይ እንዲቀነስልኝ» የምትለውን መስመር ሁለት ጊዜ አስደገሙት። ከዚያ ወደ ስብሰባው ገብቶ ሥራ አስኪያጁን አስፈርሞ ወጣ። ምሳ ሰዓት አልፎ ነበር። አዲሱን ሒሳብ ካላየሁ ቢሉት ስክሪኑን ወደ እሳቸው አዞረላቸው። መቶ ሦስት ሺህ። ቁጥሩን በጣታቸው እየነኩ አነበቡት።

ደጅ ስንወጣ አላስቻለኝም። «እንኳን ደስ አለዎት እትዬ! ከሰባት ዓመት ተኩል በላይ ዕድሜ አተረፉ እኮ!»

መንገዱ መሃል ላይ ቆሙ።

«ማን ነው ያተረፈው? ያለፈውን አሥር ዓመት ማን ይመልስልኛል? አንተ ነህ? ያ ሳሙኤል ነው?»

ጣታቸውን ወደ እኔ ቀሰሩ።

«አውቅሃለሁ፤ አሁን ሄደህ ግጥም ትጽፍብኛለህ። ጨረቃ፣ ጤዛ፣ የእናት እንባ። አትጻፍ! ከጻፍክ ቁጥሩን ጻፍ። ከአራት ሺህ አራት መቶው መቶ ሃምሳ ብቻ ብለህ ጻፍ። የሚበደር ሰው ይፈር፤ ግን ይጠይቅ፤ በየዓመቱ ስንት ቀረብኝ ይበል።»

«እሺ እትዬ። ዘንቢሉን ልያዝልዎት?» አልኩና ማንጠልጠያውን ያዝኩ።

«ባዶ ዘንቢል ይከብደኛል ብለህ ነው?»

ከእጄ ነጠቁኝ። የገበያውን ቁልቁለት ያዙ፤ የታመመውን ጉልበታቸውን እየጎተቱ፣ ጭቃውን ሳይመርጡ እየረገጡ። ባጃጅ የሚነዳ ልጅ አጠገባቸው አቁሞ «እትዬ፣ ግቡ» ቢላቸው፣ ስንት እንደሚያስከፍላቸው ሳይነግራቸው አልገባም ብለው ሲጨቃጨቁት ሰማሁ። ልጁ የመለሰላቸው አልጣማቸውም መሰለኝ፤ እጃቸውን አወናጭፈው በእግራቸው ቀጠሉ።